ከጌሙና ከካርዱ መሐል፦ የዊንዶውስ ጌም በሊኑክስ ላይ የሚሄድበት መንገድና የሚቆምበት ቦታ

ማይክሮሶፍት ለዊንዶውስ 10 ይሰጥ የነበረውን መደበኛ ድጋፍ ጥቅምት 4 ቀን 2018 ዓ.ም. አቁሟል። ተተኪው ዊንዶውስ 11 ከኢንቴል ፕሮሰሰሮች በይፋ የሚቀበለው፣ ከጥቂቶች በስተቀር፣ ከ8ኛው ትውልድ ወዲህ ያሉትን ነው፤ ቲፒኤም 2.0 የተባለውን የደኅንነት ክፍልም ይጠይቃል። ባሕር ዳር ፖሊ ግቢ አካባቢ አንድ ወዳጄ ኮምፒውተር በሚጠግንበት ጠባብ ሱቅ፣ ጠረጴዛው ላይ ተደርድረው የማያቸው ላፕቶፖች ግን በብዛት ውጭ አገር አገልግለው የገቡ፣ 4ኛና 6ኛ ትውልድ የሆኑ ናቸው። ወዳጄ ለደንበኛው «በዊንዶውሱ ፋንታ ሊኑክስ ልጫንልህ፤ ይፈጥናል፣ የፍላሽ ቫይረስም አያስቸግርህም» ሲለው ከተማሪዎቹ አፍ ቀድሞ የሚወጣው ጥያቄ ስለ ዎርድ ወይም ስለ ኤክሴል አይደለም። «ጌሙስ?» ነው።

ከአሥር ዓመት በፊት ቢሆን ኖሮ መልሱ «እርሱን እርሳው» የሚል አጭር ቃል ነበር። ዛሬ ያ መልስ አይሠራም። መልሱን የለወጠው በጌሙና በግራፊክስ ካርዱ መሐል የሚቀመጥ፣ ጌሙ በአንድ ቋንቋ ያዘዘውን ካርዱ በሚሰማው ሌላ ቋንቋ የሚያደርስ የግራፊክስ ተርጓሚ ሶፍትዌር ነው። እንዲያውም እኔ እስከማየው ድረስ ትርጉሙ ራሱ ከሞላ ጎደል የተፈታ ጉዳይ ሆኗል፤ አሁን አንድ ጌም ሊኑክስ ላይ አልነሣ ሲል ጥፋቱ ብዙ ጊዜ የተርጓሚው አይደለም፤ ወይ ካርዱ አርጅቷል፣ ወይ የጌሙ ባለቤት አልፈቀደም። ሰው ግን ገንዘቡንም ጊዜውንም የሚያጠፋው ጥፋቱን በተርጓሚው ላይ እየፈለገ ነው። ይህን ለማየት ተርጓሚው ምን እንደሚሠራ ቀረብ ብሎ መመልከት ያስፈልጋል። (ከዚህ በኋላ የሚጠቀሱት ዓመታት እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ብዙዎች መጀመሪያ የሚሳሳቱት ነገሩን ከኢሙሌተር ጋር በማደባለቅ ነው። በስልካችን የፒኤስፒ ጌም የምንጫወትበት ፒፒኤስኤስፒፒ ኢሙሌተር ነው፤ የሌላ ማሽንን ፕሮሰሰር በሶፍትዌር አስመስሎ ያቆምና ጌሙን በዚያ ምናባዊ ማሽን ላይ ያስኬደዋል። የዊንዶውስ ጌም በሊኑክስ ላፕቶፕ ላይ ሲነሣ ግን እንዲህ ያለ ነገር የለም። ላፕቶፑ ያው ላፕቶፕ፣ ፕሮሰሰሩም ያው ፕሮሰሰር ስለሆነ በጌሙ ፋይል ውስጥ ያሉት የማሽን ትእዛዞች ዊንዶውስ ላይ እንደሚሄዱት ሁሉ በቀጥታ ይሄዳሉ። ልዩነቱ የሚመጣው ጌሙ ከስርዓተ ክወናው አንድ ነገር ሲጠይቅ ነው፤ ፋይል ክፈትልኝ፣ መስኮት አውጣልኝ፣ ይህን ሥዕል ሣልልኝ ብሎ የሚጠራቸው ስሞች ሊኑክስ ውስጥ የሉም። በ1993 የተጀመረው ዋይን የተባለው ፕሮጀክት እነዚያን ስሞች አንድ በአንድ እንደ አዲስ ጽፎ ለጌሙ ያቀርባል፤ ስሙም ራሱ «ዋይን ኢሙሌተር አይደለም» ከሚል ዓረፍተ ነገር የተውጣጣ ምሕጻር ነው። ሥራው ምን ያህል እንደከበደ ለመረዳት 1.0 የተባለው እትሙ የወጣው ከ15 ዓመት በኋላ፣ በ2008፣ መሆኑን ማስታወስ ይበቃል።

ከጥሪዎቹ ሁሉ የከበደው የሥዕሉ ነበር። ማይክሮሶፍት በ1996 ዳይሬክት3ዲን ካወጣ ወዲህ የዊንዶውስ ጌም ሠሪዎች በብዛት ለካርዱ የሚያዙት በእርሱ ነው፤ እርሱም ባለበት አልቆመም፤ 9ኛው እትም በ2002፣ 10ኛው በ2006፣ 11ኛው በ2009፣ 12ኛው በ2015 ወጥተዋል። በሌላው ወገን በ1992 የተጀመረውና በብዙ ስርዓቶች ላይ የሚሠራው ኦፕንጂኤል አለ። ዋይን ለረጅም ዓመታት ዳይሬክት3ዲን ወደ ኦፕንጂኤል ይተረጉም ነበር፤ ይህም ለቀደሙት ጌሞች አልከፋም፤ 11ኛው እትም ላይ ሲደርስ ግን ትርጉሙ እያነከሰ፣ ጌሙም እየተጎተተ አስቸገረ። ምክንያቱ በአጭሩ ሁለቱም ቋንቋዎች ብዙ ነገር በሆዳቸው የሚይዙ መሆናቸው ነው። ኦፕንጂኤል ማስታወሻውን (ሜሞሪውን) መቼ እንደሚመድብ፣ ሥራውን በምን ተራ እንደሚያስኬድ የሚወስነው ካርዱን የሚያዝዘው ሶፍትዌር፣ ድራይቨሩ፣ በራሱ ግምት ነው፤ ዳይሬክት3ዲ 11ም እንዲሁ። አንዱ ገማች የሌላውን ገማች ሐሳብ ሲገምት በመሐል ብዙ ጊዜ ይባክናል።

ይህን የቀየረው በየካቲት 2016 የወጣው ቩልካን የተባለ አዲስ የግራፊክስ ቋንቋ ነው። ቩልካን ካርድ ሠሪው ኤኤምዲ ካወጣው ማንትል የተወለደ፣ ክሮኖስ በተባለው የኢንዱስትሪ ማኅበር የሚመራ ክፍት ደረጃ ሲሆን ባሕርዩ ምንም ነገር አለመገመቱ ነው፤ ማስታወሻውን፣ ተራውን፣ የሥዕሉን አሠራር ሁሉ ፕሮግራሙ በዝርዝር እንዲነግረው ይጠይቃል። ለጌም ሠሪ ይህ አድካሚ ነው፤ ለተርጓሚ ግን ከዚህ የተሻለ መሬት የለም፤ ምክንያቱም ከሥሩ የራሱን ግምት የሚጨምር ሌላ አካል የለበትም። ፊሊፕ ሬቦህሌ የተባለ ጀርመናዊ ፕሮግራመር በ2017 ኒር፦ አውቶማታ የተባለውን ጌም ሊኑክስ ላይ መጫወት ስላልቻለ ዳይሬክት3ዲ 11ን ወደ ቩልካን የሚመልስ ዲኤክስቪኬ የተባለ ሶፍትዌር መጻፍ ጀመረ። ስቲም የተባለው የኢንተርኔት ጌም መደብር ባለቤት የሆነው ቫልቭ ሰውየውን ለዚሁ ሥራ ያዘው፤ በነሐሴ 2018ም ዋይንንና ዲኤክስቪኬን በአንድ ላይ የጠቀለለውን ፕሮቶንን ለስቲም ተጠቃሚዎች ለቀቀ። ለ9ኛው እትም በሌላ እጅ ይጻፍ የነበረው ተርጓሚ በ2019 መጨረሻ ከዲኤክስቪኬ ጋር ተቀላቀለ፤ 12ኛውን ቪኬዲ3ዲ-ፕሮቶን የተባለው ወንድሙ ያዘው። ቫልቭ በ2022 ያወጣው በእጅ የሚያዘው ስቲም ዴክም ሙሉ በሙሉ በዚህ ላይ የቆመ ሊኑክስ ነው።

ተርጓሚው በየቅጽበቱ የሚሠራውን ለማየት ከጣና ዳር ዓሣ ቤቶች አንዱን እናስብ። ዳይሬክት3ዲ 11 የሚናገር ጌም ትእዛዙን እየቆራረጠ እንደሚሰጥ ደንበኛ ነው፤ «ዓሣ ይሁንልኝ፤ ጉላሽ… ቆይ፣ ለብለብ አድርገው፤ ቃሪያ ይግባበት፤ በቃ አምጣ» ይላል። የዚያ ቤት ወጥ ቤት ለምዶታልና እንደ ሰማው ያስተካክላል። ቩልካን ግን ትእዛዙ ከራስ እስከ ግርጌ ተሟልቶ በአንድ ወረቀት ካልቀረበለት ምድጃ የማይለኩስ ወጥ ቤት ነው። ዲኤክስቪኬ በመሐል የቆመው አስተናጋጅ ይሆናል፤ ደንበኛው የሚጥላቸውን ቃላት ሁሉ በጆሮው ይዞ ይቆይና «አምጣ» የሚለው ቃል ሲመጣ ብቻ ሙሉውን ወረቀት ጽፎ ያስገባል። በጌሙ ቋንቋ «አምጣ» ማለት የመሣል ጥሪ ነው፤ በአንድ ፍሬም፣ ማለትም ስክሪኑ ላይ አንዴ በሚወጣ ሥዕል፣ ውስጥ እንዲህ ያለ ጥሪ በሺዎች ሊመጣ ይችላል፤ ወረቀቱም ፓይፕላይን ይባላል።

ችግሩ የሚፈጠረው ወረቀቱ ላይ ያለው ምግብ ከዚህ በፊት ተሠርቶ የማያውቅ ሲሆን ነው። በፓይፕላይኑ ውስጥ ሼደር የሚባሉ፣ ብርሃኑን፣ ጥላውንና ቀለሙን የሚያሰሉ ትንንሽ ፕሮግራሞች አሉ። ጌሙ ሼደሮቹን ይዞ የሚመጣው ማይክሮሶፍት ባዘጋጀው የተቀነባበረ መልክ ነው፤ ተርጓሚው ያንን ስፒር-ቪ ወደተባለው የቩልካን መልክ ይለውጠዋል፤ ከዚያ የካርዱ ድራይቨር ደግሞ ስፒር-ቪውን ለዚያ ካርድ ብቻ ወደሚሆን የማሽን ትእዛዝ ይለውጠዋል። አንድ ጌም በሰከንድ 60 ፍሬም እንዲያሳይ ለእያንዳንዱ ፍሬም ያለው ጊዜ 16.7 ሚሊሰከንድ ብቻ ነው፤ አንድ ከባድ ሼደር ለመዘጋጀት ግን ከዚህ ብዙ እጥፍ ሊወስድ ይችላል። ተጫዋቹ የሚያየው ውጤት በሩን ከፍቶ አዲስ ክፍል ውስጥ ሲገባ፣ ወይም ፍንዳታ ለመጀመሪያ ጊዜ ሲነሣ፣ ስክሪኑ ለዓይን ጥቅሻ ያህል ድርቅ ማለቱ ነው። ሁለተኛ ጊዜ በዚያው በር ሲገባ ምንም የለም፤ ምግቡ አንዴ ተሠርቷልና። ሰዎች «ሊኑክስ ላይ ላግ ያደርጋል» ሲሉ ብዙውን ጊዜ የሚናገሩት ስለዚህ ነው እንጂ ስለ አማካይ ፍጥነቱ አይደለም።

መፍትሔው በሁለት በኩል መጣ። አንደኛው በ2022 ለቩልካን የተጨመረ፣ ፓይፕላይኑን ከፋፍሎ አስቀድሞ ማዘጋጀት የሚያስችል ቅጥያ ነው። ወደ ዓሣ ቤቱ ብንመለስ፣ ዓሣው ታጥቦ ተገንጥሎ፣ ቁሌቱም ተቁላልቶ ይጠብቃል፤ «አምጣ» ሲባል የሚቀረው ማገናኘት ብቻ ነው። ጌሙ ሼደሩን ገና ሲጭን ሥራው ስለሚጀመር ድርቀቱ በእጅጉ ቀንሷል። ሁለተኛው መንገድ ስቲም ሌሎች ተጫዋቾች ማሽን ላይ የተሰበሰበውን የሼደር ክምችት ለእያንዳንዱ ጌም አስቀድሞ ማውረዱ ነው። ይህኛው የተሠራው ኢንተርኔት እንደ ውኃ ለሚቀዳበት አገር ይመስለኛል። በጥቅል ለሚኖር ተማሪ፣ ከጌሙ በተጨማሪ በየጊዜው የሚታደስ፣ ለአንዳንድ ጌም በመቶ ሜጋባይቶች የሚቆጠር ክምችት ማውረድ ቀላል ወጪ አይደለም። በነሐሴ 2023 በክልሉ የሞባይል ኢንተርኔት ሲቋረጥ እዚህ የነበርን ሰዎች ጌም ከእጅ ወደ እጅ በሃርድ ዲስክ ሲዘዋወር አይተናል፤ የሼደር ክምችት ግን ለአንድ ካርድና ለአንድ ድራይቨር እትም የተዘጋጀ ስለሆነ እንደ ጌሙ በፍላሽ ተቀድቶ ለሁሉም አይሆንም። ስለዚህ ስቲም ውስጥ ይህን አስቀድሞ የማውረድ ቅንብር ማጥፋት ይቻላል፤ አዲስ ድራይቨርና አዲስ ፕሮቶን ላለው ሰው ማጥፋቱ ብዙም አይጎዳውም።

ከፍጥነቱ ይልቅ እኔን የሚደንቀኝ ግን የትንንሾቹ ነገሮች ትርጉም ነው። ዳይሬክት3ዲ 9 የአንድን ፒክሰል መሐል በሙሉ ቁጥር ላይ ያስቀምጣል፤ ከእርሱ በኋላ የመጡት እትሞችና ቩልካን ግን በግማሹ፣ 0.5 ላይ። ተርጓሚው ይህችን የግማሽ ፒክሰል ሸርተቴ ባያርም ኖሮ ጌሙ ይነሣል፣ ይሄዳል፤ ነገር ግን ጽሑፉ ሁሉ በእንባ ዓይን እንደታየ ደብዘዝ ይል ነበር። የቩልካን ቁልቁል መስመርም ከዳይሬክት3ዲ ተቃራኒ ስለሆነ፣ ካልተገለበጠ ሰውየው በጭንቅላቱ ይቆማል። ከዚህ የሚብሰው የዜሮ ነገር ነው። በዘመናዊ ካርድ የሒሳብ ሕግ ዜሮ በኢንፊኒቲ ሲባዛ ውጤቱ «ቁጥር ያልሆነ» የሚባል ልዩ ምልክት ነው፤ በዳይሬክት3ዲ 9 ዘመን ካርዶች ግን ዜሮ በምንም ይባዛ በምን ዜሮ ነበር፤ የዚያ ዘመን ጌም ሠሪዎችም ሳያውቁት በዚህ ላይ ተደግፈው ሼደር ጽፈዋል። ተርጓሚው የድሮውን ሕግ ካላስመሰለ ያ «ቁጥር ያልሆነ» ነገር ከአንድ ስሌት ወደ ሌላው እየተላለፈ የሰውየውን ፊት ጥቁር ጉድፍ ያደርገዋል። ዲኤክስቪኬ ለዚህ ራሱን የቻለ ቅንብር አለው፤ ለየጌሙም ስማቸው እየተጠቀሰ የሚበሩና የሚጠፉ እንዲህ ያሉ ቅንብሮች ረጅም ዝርዝር በውስጡ ይዟል። ጥሩ ተርጓሚ የተናጋሪውን ቃል ብቻ ሳይሆን የተናጋሪውን ስሕተትም ጠብቆ የሚያደርስ ነው ማለት ነው።

ይህ ሁሉ ትርጉም ዋጋው ስንት ነው? ቫልቭ በ2012 ሌፍት 4 ዴድ 2 የተባለውን ጌሙን በራሱ የትርጉም ሽፋን አድርጎ በሊኑክስ ላይ ሲሞክር፣ በዚያው ማሽን በዊንዶውስ 270.6 ፍሬም በሰከንድ ያገኘው በሊኑክስ 315 እንደደረሰ አስታውቆ ነበር። ይህ የጌሙ ባለቤት ራሱ ደክሞበት ያገኘው ውጤት ስለሆነ ለሌላው ሁሉ ልኬት አይሆንም፤ ነገር ግን ሽፋን መኖሩ ብቻውን መዘግየት አለመሆኑን ያሳያል። ጂቲኤ 4ን ዊንዶውስ ላይ የሚጫወቱ ሰዎች እንኳ የዲኤክስቪኬን ፋይል ጌሙ ፎልደር ውስጥ እየከተቱ ከዋናው የተሻለ ፍጥነት የሚያገኙበት ጊዜ አለ። በዊንዶውስ ላይ ክሮምን የሚጠቀም አንባቢም ሳያውቀው የተርጓሚ ደንበኛ ነው፤ ድረ ገጾች ለሥዕል የሚጠቀሙበትን ዌብጂኤል ክሮም የሚያስኬደው አንግል በተባለ ሽፋን ወደ ዳይሬክት3ዲ እየመለሰ ነው።

ታዲያ ተርጓሚው ይህን ያህል ከበረታ፣ ወዳጄ ሱቅ የመጣው ላፕቶፕ ለምን እምቢ አለ?

ልጁ የሁለተኛ ዓመት ተማሪ ነው፤ ላፕቶፑ 4ኛ ትውልድ፣ ጌሙ ደግሞ ጂቲኤ ሳን አንድሪያስ፣ የ2005 ዳይሬክት3ዲ 9 ጌም፣ ማንኛውም ማሽን ሊሸከመው የሚገባ። ሊኑክሱ ተጭኖ አልቋል። ጌሙ ሲከፈት ጥቁር መስኮት ብቅ ብሎ ይጠፋል። «ወንድሜ፣ ዊንዶውሱን መልስልኝ በቃ» አለ ልጁ። ወዳጄ ጌሙን ትእዛዝ በጽሑፍ ከሚሰጥበት መስኮት፣ ከተርሚናል፣ ሲያስነሣው ከብዙው መስመር መሐል አንዷ ሁሉን ተናገረች፤ የሃስዌል ቩልካን ድጋፍ ያልተሟላ ነው የምትል ማስጠንቀቂያ ነበረች። ሃስዌል የ4ኛው ትውልድ ስም ነው። በሊኑክስ ላይ ለዚያ ትውልድ የተጻፈው ድራይቨር ከቩልካን 1.2 አያልፍም፤ ዲኤክስቪኬ ግን በኅዳር 2022 ከወጣው 2.0 እትሙ ጀምሮ ቩልካን 1.3ን ግድ ይላል። ጌሙ የ20 ዓመት ሽማግሌ ቢሆንም ተርጓሚው ዘመናዊ ነው፤ ተርጓሚው የሚናገረውን ዘመናዊ ቋንቋ ደግሞ ካርዱ አይሰማም።

መውጫው ሁለት ነበር፤ ወደ ድሮው 1.10.3 እትም መመለስ፣ ወይም ዲኤክስቪኬን ትቶ በቀድሞው የኦፕንጂኤል መንገድ መሄድ። የዚህ ዘመን ካርድ ቩልካኑ ጎደሎ ቢሆንም ኦፕንጂኤሉ ሙሉ ነው። ወዳጄ ሁለተኛውን መረጠ፤ ጌሙም ተነሣ፤ በስክሪኑ ጥግ ያለው የፍሬም ቁጥር 60 ላይ ቆሞ ሲቀር ልጁ ዊንዶውስ የሚል ቃል አልደገመም። ይህን በዝርዝር ያነሣሁት በከተማችን ላፕቶፕ ለሚገዛ ሰው ዋና ነገር ስለሆነ ነው። በ4ኛውና በ6ኛው ትውልድ መሐል ያለው የዋጋ ልዩነት ሻጩ እንደሚለው የፍጥነት ጉዳይ ብቻ አይደለም፤ 6ኛው ትውልድ ቩልካን 1.3ን ሙሉ በሙሉ ይሰማል፣ 4ኛው አይሰማም። ከኤንቪዲያ በኩልም ኬፕለር የተባሉት የጂቲኤክስ 600 እና አብዛኞቹ የ700 ካርዶች እንዲሁ 1.2 ላይ ቀርተዋል። እንዲህ ያለ ካርድ ያለው ሰው አዲሱን ፕሮቶን ደጋግሞ እያወረደ ጥቅሉን ከሚጨርስ የካርዱን ስም አይቶ መወሰን ይሻለዋል።

ሁለተኛው እንቅፋት በምንም ካርድ አይፈታም። ግሽ ዓባይ አካባቢ ጌም ቤት ያላቸው አንድ ሰው አምስት ኮምፒውተሮቻቸውን ወደ ሊኑክስ ለማዛወር አስበው ወዳጄን ጠርተውት ነበር፤ ልጆቹ በየቀኑ የሚሰኩት ፍላሽ ዊንዶውሱን በየሳምንቱ ፎርማት ያስደርጋቸው ነበርና። ካርዶቹ ጂቲኤክስ 1650 ናቸው፤ የቩልካን ችግር የለባቸውም። ከተሞከሩት ጌሞች አብዛኞቹ ያለ ምንም ማስተካከያ ተነሡ። ያልተነሣው ገቢ የሚያመጣው፣ ልጆቹ ወረፋ የሚይዙለት አዲሱ የኳስ ጌም ነው።

«ልጄ፣ ዋናው የሚፈለገው እኮ ኳሱ ነው» አሉ ሰውየው።

«ጋሼ፣ እምቢ ያለንም እርሱ ብቻ ነው» አላቸው።

እዚህ ላይ ሥዕሉ አልጎደለም፤ ሥዕሉ ጋ እንኳ አልተደረሰም። ጌሙ ከመነሣቱ በፊት አታላይ ተጫዋቾችን የሚከላከል ጠባቂ ፕሮግራም ይነሣል፤ ይህ ጠባቂ በዊንዶውስ ከርነል ውስጥ፣ ማለትም በስርዓተ ክወናው እምብርት፣ ገብቶ መቀመጥ ይፈልጋል። ዋይን የዊንዶውስን ጥሪዎች ይተረጉማል እንጂ የዊንዶውስን ከርነል አያቀርብም፤ የሊኑክስ ከርነል ደግሞ ለዊንዶውስ ከርነል ለተጻፈ ድራይቨር መቀመጫ አይሰጥም። ጠባቂው ቤቱን ሲያጣ ጌሙን ይዘጋዋል። ኢዚ አንቲ-ቺት እና ባትልአይ የተባሉት ሁለቱ ታዋቂ ጠባቂዎች በ2021 ከፕሮቶን ጋር የሚሠሩበትን መንገድ ከፍተዋል፤ ይሁን እንጂ መንገዱን ለየጌሙ ማብራት ያለበት የጌሙ ባለቤት ነው፤ ብዙዎቹም አላበሩትም። አብርቶ የነበረው አፔክስ ሌጀንድስም በ2024 መጨረሻ ሊኑክስ ለአታላዮች መግቢያ ሆኗል ብሎ መልሶ አጥፍቶታል። የቫሎራንት ባለቤት የሆነው ራዮት ቫንጋርድ የተባለውን ጠባቂውን ለሊኑክስ አላዘጋጀም።

የባለቤቶቹ ክርክር መሠረት የለውም ማለት አልችልም። ተጠቃሚው ከርነሉን ራሱ ለውጦ መገንባት በሚችልበት ስርዓት ላይ ከርነሉ የሚናገረውን ማመን ከባድ ነው። የማልቀበለው ግን ይህን ሁሉ «ሊኑክስ ጌም አይችልም» በሚል አንድ ቃል መጠቅለሉን ነው። ለብቻው፣ ከኮምፒውተሩ ጋር ወይም ከጎኑ ከተቀመጠ ጓደኛው ጋር የሚጫወት ሰው በማን ላይ ያታልላል? ሆኖም አንዳንዱ ጌም ያለ ኢንተርኔት ሲከፈት እንኳ ጠባቂውን ካላገኘ አይነሣም። ይህ ምሕንድስና ያመጣው ግድ ሳይሆን የባለቤቱ ምርጫ ነው፤ ተርጓሚ ሶፍትዌር የሚጽፉ ሰዎችም ሌሊቱን ሙሉ ቢጽፉ አይለውጡትም።

የቪዲዮው ጉዳይም የዚህ ታናሽ ወንድም ነው። አንዳንድ ጌም ሲጀመር በታሪኩ ፊልም ፋንታ የድሮ ቴሌቪዥን ፕሮግራም ሳይጀምር የሚያሳየውን የቀለም መስመር ያወጣል፤ ያየ ሰው ካርዱ የተበላሸ ይመስለዋል። የሆነው ፊልሙ የተጨመቀበት ዘዴ፣ ኮዴክ የሚባለው፣ በፓተንት የተያዘ በመሆኑ ፕሮቶን ይዞት መምጣት ስላልቻለ፣ ቫልቭ በሌላ መልክ አዘጋጅቶ የሚልከው ቅጂ ሳይወርድ መቅረቱ ነው። አሁንም የፈቃድ ነገር። ከዳይሬክት3ዲ መኮረጁ ራሱ ሕጋዊ ነው ወይ ለሚል፣ ዋይን የማይክሮሶፍትን ምንጭ ኮድ ያየ ሰው በሥራው እንዳይሳተፍ የሚከለክል ጥብቅ ደንብ አለው፤ የጥሪ ስሞችን እንደ አዲስ ጽፎ ስለመጠቀምም የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ2021 በኦራክልና በጉግል ክርክር ለጉግል ፈርዷል።

ስለ ማክ ብዙ የምለው የለኝም፤ በዙሪያዬ ማክ ላይ ጌም የሚጫወት ሰው አላውቅም። አፕል ኦፕንጂኤልን በ2018 ወደ ጎን አድርጎ፣ ቩልካንንም ሳይቀበል ሜታል የተባለውን የራሱን ቋንቋ ይዟል፤ ስለዚህ ሞልተንቪኬ ቩልካንን ወደ ሜታል ይተረጉማል፤ አፕል ራሱም በ2023 ዳይሬክት3ዲን ወደ ሜታል የሚመልስ መሣሪያ አውጥቷል።

ስልኩ ግን የእኛ ጉዳይ ነው። ዊንሌተር የተባለው መተግበሪያ ዋይንንና ዲኤክስቪኬን በአንድሮይድ ውስጥ ያስገባል፤ የስልክ ፕሮሰሰር የኮምፒውተሩን የማሽን ትእዛዝ ስለማያውቅ ቦክስ64 የተባለ ሌላ ተርጓሚ ከሥር ይጨምርበታል። እዚህ በእርግጥ ኢሙሌሽን ገብቷል፤ ባትሪውም ይናገራል። ውጤቱን የሚወስነው ግን አሁንም ካርዱ ነው። ስናፕድራጎን ባላቸው ስልኮች ያለው አድሬኖ ካርድ ተርኒፕ የተባለ ጎበዝ ክፍት ድራይቨር ስላለው ብዙ ጌም ይሸከማል፤ በሚዲያቴክ ስልኮች በብዛት የሚገኘው ማሊ ካርድ ግን ዲኤክስቪኬ የሚጠይቃቸው አንዳንድ የቩልካን ችሎታዎች ብዙ ጊዜ ስለሚጎድሉት እዚያው 4ኛ ትውልድ ላፕቶፕ የቆመበት ደጃፍ ላይ ይቆማል። ሁለት ጓደኛሞች በአንድ ዋጋ የገዟቸው ሁለት ስልኮች አንዱ ጌሙን አንሥቶ ሌላው ጥቁር ስክሪን የሚያሳየው በዚህ ነው።

የግሽ ዓባዩ ጌም ቤት መጨረሻ በየማሽኑ ሁለት ስርዓት ይዟል። ኮምፒውተሩ ሲበራ በራሱ ወደ ሊኑክሱ ይገባል፤ ፍላሽ የሚሰካውም እዚያ ነው። ለዊንዶውስ የተተወው የዲስኩ ክፍል ለአንዱ የኳስ ጌም ብቻ የሚበቃ ነው፤ ሰውየውም ወረቀት ቆርጠው ሞኒተሮቹ ግርጌ ላይ «ኳስ የሚጫወት ብቻ ሲበራ ታች ያለውን ይምረጥ» ብለው ለጥፈዋል።